ከሳሽ ቀርቶ የተዘጋ መዝገብ፦ ምን ዓይነት መዘጋት እንደሆነ መለየትና ማስከፈት

የፍትሐ ብሔር ክስ አቅርቦ ቀጠሮ ያመለጠው ሰው መዝገብ ቤት ሲሄድ የሚነገረው አንድ ነገር ነው፦ «መዝገቡ ተዘግቷል»። በዚህ ብቻ ግን ምን እንደደረሰብዎት አያውቁም። አንዱ መዘጋት ነገ ጠዋት ዳኝነት (ክስ ሲቀርብ ለፍርድ ቤት የሚከፈለውን ገንዘብ) ከፍለው አዲስ ክስ እንዲያቀርቡ ያስችላል፤ ሌላው በዚያው ጉዳይ ሁለተኛ እንዳይከሱ ይከለክላል፣ ያለዎት ጊዜም አንድ ወር ብቻ ይሆናል። ልዩነቱን የሚያመጣው በዚያ ቀን ተከሳሽ ችሎት ቀርቦ ነበር ወይስ እሱም ቀርቶ ነበር የሚለው ነው።

ከዚህ በታች ያለው በ1958 ዓ.ም. የወጣውን የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ የተከተለ ነው። አንቀጽ ስንጠቅስ ሌላ ካልተባለ በቀር የዚህኑ ሕግ አንቀጽ ማለታችን ነው።

1. ከሁሉ በፊት የትእዛዙን ግልባጭ ያውጡ

ሰው የነገረዎትን ይዘው ወደ አቤቱታ ጸሐፊ አይሂዱ። የመዝገብ ቁጥሩን ይዘው ሬጅስትራር (የፍርድ ቤቱ መዝገብ ቤት ኃላፊ) ዘንድ ይቅረቡና መዝገቡ የተዘጋበትን ትእዛዝ ግልባጭ ይጠይቁ። የመዝገብ ቁጥሩ ከጠፋብዎ በከሳሽና በተከሳሽ ስም ይፈለጋል፤ በክሱ ላይ የጻፉትን ስም ሙሉ በሙሉ፣ እስከ አያት ይስጡ። የማይገኘው አብዛኛውን ጊዜ ስሙ በሌላ ፊደል ስለተጻፈ ነው፤ «ኃይሉ» እና «ሀይሉ» ኮምፒዩተሩ ላይ ሁለት ሰዎች ናቸው።

ትእዛዙ አጭር ነው፣ ብዙ ጊዜ ከአምስት መስመር አያልፍም። መጀመሪያ ቀኑና የዳኛው ስም፣ ቀጥሎ «ከሳሽ፦ አልቀረበም፣ ተከሳሽ፦ ቀርቧል» የሚል መስመር፣ ከዚያ የተጠቀሰው የሕግ ቁጥር፣ መጨረሻ ላይ «መዝገቡ ተዘግቷል፣ ወደ መዝገብ ቤት ይመለስ» ይላል። እርስዎ የሚፈልጉት ሦስት ነገር ነው፦ ቀኑ፣ ማን እንደቀረበ የሚናገረው መስመር፣ የሕግ ቁጥሩ። ሁለተኛውና ሦስተኛው ካልተጣጣሙ (ለምሳሌ ሁለቱም አልቀረቡም ተብሎ ቁጥሩ 73 ከሆነ) ያንን ምልክት ያድርጉበት፤ በአቤቱታዎ ላይ የሚነሳ ጠንካራ ነጥብ ነው።

2. ቁጥሩ የሚለው ምንድን ነው

69(2)። ሁለቱም ወገኖች ሳይቀርቡ የተዘጋ ነው። ቀላሉ ይህ ነው። በአንቀጽ 71 መሠረት ዳኝነት ከፍለው አዲስ ክስ ማቅረብ ይችላሉ። የቀሩት በበቂ ምክንያት መሆኑን ለፍርድ ቤቱ ካስረዱ ደግሞ ዳኝነቱን እንደገና ከመክፈል የሚድኑበት መንገድ አለ። የተጠየቀው ገንዘብ ትልቅ ከሆነ ዳኝነቱም ትልቅ ነውና ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

70(መ)። እርስዎ ቀርበዋል፣ ተከሳሽ ግን አልቀረበም፤ ያልቀረበውም እርስዎ መጥሪያውን ስላላደረሱ ነው። ውጤቱ ከ69(2) ጋር አንድ ነው፣ አንቀጽ 71 ይሠራበታል። ሰዎች በዚህ ቁጥር መዝገብ ሲዘጋባቸው ይገረማሉ፣ «እኔ እኮ ቀርቤያለሁ» ይላሉ። ክስ አቅርቦ መጥሪያ ሳይወስዱ መቀመጥ ግን ክሱን እንደመተው ይቆጠራል። መጥሪያውን ከሬጅስትራር ይውሰዱ፣ ያድርሱ፣ ስለመድረሱ ተከሳሹ የፈረመበትን ቅጂ ወይም ያደረሰውን ሰው ቃለ መሐላ ከቀጠሮው ቀን በፊት መዝገቡ ውስጥ ያስገቡ። ተከሳሹ አልቀበልም ካለ ምስክሮች ባሉበት ያንኑ በጽሑፍ ይያዙ። አድራሻው ከጠፋ ደግሞ ፈልገው ማጣትዎን በቃለ መሐላ አስረድተው በአንቀጽ 105 መሠረት በጋዜጣ ወይም በሌላ ምትክ መንገድ እንዲጠራ ያመልክቱ። ባዶ እጅ ቀርቦ «አላገኘሁትም» ማለት አንድ ጊዜ ይታለፍ ይሆናል፣ ሁለተኛ ጊዜ መዝገቡ ይዘጋል።

73። ይህኛው ከባድ ነው። ተከሳሽ ቀርቧል፣ ከሳሽ ቀርቷል። ፍርድ ቤቱ ክሱን ያሰናብታል፤ ተከሳሹ ክሱን በሙሉ ወይም በከፊል ካመነ ግን ባመነው ልክ ይፈርድበታል (ከሳሽ በሌለበት ዕዳ የሚያምን ተከሳሽ እምብዛም አይገኝም)። በ73 የተሰናበተ ክስ በአንቀጽ 74(1) መሠረት በዚያው የክስ ምክንያት ዳግመኛ ሊቀርብ አይችልም። የቀረው መንገድ 74(2) ነው፦ በአንድ ወር ውስጥ ለዚያው ፍርድ ቤት አመልክቶ፣ በበቂ ምክንያት እንደቀሩ አስረድቶ፣ መሰናበቱን ማሻር።

199። መዝገቡ የተዘጋው በመቅረትዎ ሳይሆን ጊዜ ተሰጥቶዎት አንድ ነገር ባለመፈጸምዎ ከሆነ ይህ ቁጥር ይጠቀሳል፦ ምስክር አላመጡም፣ የታዘዘ ሰነድ አላቀረቡም። በዚህ ጊዜ ፍርድ ቤቱ በእጁ ባለው ብቻ ጉዳዩን ሊወስን ይችላል። ውሳኔው ፍሬ ነገሩን የነካ ከሆነ የ74(2) አቤቱታ አይሆንም፣ የይግባኝ ነገር ነው፤ ይግባኝ ደግሞ በአንቀጽ 323(2) መሠረት 60 ቀን ነው።

278። ክሱን ራስዎ ወይም ወኪልዎ አንስታችኋል። ስለዚህኛው ወረድ ብለን እንመለስበታለን።

3. ቀኑን ይቁጠሩ፣ ወደ ኋላም ወደ ፊትም

ወደ ፊት የሚቆጠረው የ74(2) አንድ ወር ነው። ሰዉ የሚሳሳተው «ያወቅኩት ባለፈው ሳምንት ነው» በሚለው ላይ ነው። በሌለበት የተፈረደበት ተከሳሽ በአንቀጽ 78 መሠረት ወሩ የሚቆጠርለት ፍርዱን ካወቀበት ቀን ነው፤ ከሳሽ ግን ቀጠሮውን ያውቅ ስለነበር በዚህ አይተማመን። ትእዛዙ ከተሰጠበት ቀን ጀምረው ይቁጠሩ። ክሱ ጥር 12 ከተሰናበተ የካቲት 12ን የመጨረሻ ቀን ብለው አይያዙ፤ አቤቱታው በጥር ውስጥ ቢገባ ይሻላል። ቶሎ መምጣት ራሱ የሚናገረው ነገር አለ፦ በቀረበት ሳምንት የመጣ ሰው ጉዳዩን እንደሚከታተል ይታያል፣ በ29ኛው ቀን የመጣ ግን ማብራሪያ ይጠየቃል።

የፍርድ ቤት የክረምት ዕረፍት ላይ ከደረሱ «ችሎቱ ዝግ ነው» ብለው አይመለሱ። ሬጅስትራር ወይም ተረኛ ችሎት አቤቱታ የሚቀበልበትን መንገድ ጠይቀው ያስገቡና የገባበትን ቀን የሚያሳይ ማኅተም ያስደርጉ።

ወደ ኋላ የሚቆጠረው ይርጋው፣ ማለትም ክስ ለማቅረብ ሕጉ የሚሰጠው የጊዜ ገደብ ነው። በ69(2) ወይም በ70(መ) የተዘጋበት ሰው «አዲስ ክስ ማቅረብ ስለምችል አልቸኩልም» ብሎ የሚጎዳው እዚህ ላይ ነው። አዲስ ክስ የማቅረብ መብት ይርጋን አያድስም ብለው ቢነሱ ይሻላል፤ የመጀመሪያው ክስ እንዳልነበረ አድርገው ያስሉ። ለውል ጉዳይ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1845 ያስቀመጠው 10 ዓመት ሰፊ ነው። ከውል ውጭ ለሚደርስ ጉዳት (የመኪና አደጋ፣ የንብረት ጉዳት) ግን ቁጥር 2143 2 ዓመት ብቻ ይሰጣል። ከሁሉ የሚጠበው የሠራተኛ ጉዳይ ነው፦ በአዋጅ ቁጥር 1156/2011 መሠረት ወደ ሥራ ልመለስ የሚል ጥያቄ 3 ወር፣ የደመወዝና የትርፍ ሰዓት ክፍያ ጥያቄ 6 ወር። በሠራተኛ ጉዳይ መዝገቡ «ቀላል በሆነው» 69(2) ቢዘጋም፣ ሦስቱ ወር አልፎ ከሆነ ቀላልነቱ ስም ብቻ ነው። እንዲህ ያለ ሰው አዲስ ክስ ላይ ሳይሆን የቀረበትን በቂ ምክንያት ማስረዳት ላይ ነው መበርታት ያለበት።

4. «በቂ ምክንያት» የሚሆን ማስረጃ ይሰብስቡ

ሕጉ በቂ ምክንያትን ዘርዝሮ አላስቀመጠም፣ ለዳኛው ተትቷል። ዳኛ የሚመዝነው ግን በአመዛኙ ሦስት ነገር ነው፦ ምክንያቱ ከእርስዎ ቁጥጥር ውጭ ነበር ወይ፣ በዚያው ቀንና ሰዓት የሆነ ነው ወይ፣ ሰው ልኮ ወይም ደውሎ ማሳወቅ አይቻልም ነበር ወይ።

ሕመም ከሆነ የሐኪም ማስረጃው ላይ የታከሙበት ቀን ከቀጠሮው ቀን ጋር መግጠም አለበት። ከሁለት ሳምንት በኋላ የተጻፈና «ታሞ ነበር» ብቻ የሚል ወረቀት ተጠሪው (ተከሳሽ የነበረው ወገን) በአንድ ጥያቄ ይጥለዋል። የካርድ ቁጥር፣ የሕክምና ተቋሙ ማኅተም፣ የተሰጠው የዕረፍት ቀን ብዛት ይኑርበት። ሐዘን ከሆነ ከዕድሩ ወይም ከወረዳው የሟቹን ዝምድናና የቀብሩን ቀን የሚገልጽ ደብዳቤ፤ የትራፊክ አደጋ ከሆነ የፖሊስ ማስረጃ፤ ታስረው ከነበረ ከመቼ እስከ መቼ እንደሆነ የሚያሳይ የማረሚያ ቤት ወይም የፖሊስ ጣቢያ ደብዳቤ። ጠበቃዎ በዚያው ሰዓት ሌላ ችሎት ላይ ከነበረ የዚያ ችሎት መዝገብ ግልባጭ ይቅረብ፤ ይህ ግን ደካማ ምክንያት ነው፣ ቀጠሮ መደራረብ አስቀድሞ የሚታወቅ ነገር ስለሆነ።

ብዙ ጊዜ የማያዋጡት፦ ቀኑን ረሳሁት፣ ታክሲ አጣሁ፣ ጠበቃዬ አልነገረኝም። የጠበቃ መቅረት የባለጉዳዩ መቅረት ነው፤ ከጠበቃው ጋር ያለው ቅሬታ ሌላ ጉዳይ ነው።

አንድ በተደጋጋሚ የሚያጋጥም ደግሞ አለ፦ ከሳሽ ግቢው ውስጥ ነበር፣ ስሙ ሲጠራ ግን ችሎቱ ደጃፍ ላይ አልነበረም፤ ፎቶኮፒ ሊያስነሳ ወጥቷል ወይም በሌላ ችሎት በር ቆሟል። እንዲህ ከሆነ በዚያው ቀን፣ ችሎቱ ሳይነሳ፣ ለችሎቱ ጸሐፊ ቀርበው ያሳውቁ። በዚያው ቀን የገባ ማመልከቻ በማግስቱ ከሚመጣ ማንኛውም ማብራሪያ ይበልጣል።

5. አቤቱታውን ይጻፉ

አቤቱታው ከአንድ ገጽ ባይበልጥ ጥሩ ነው። የዋናውን ክስ ክርክር እዚህ አይድገሙት፤ ዳኛው አሁን የሚወስነው ገንዘቡ ይገባዎታል ወይ የሚለውን ሳይሆን ለምን ቀሩ የሚለውን ብቻ ነው። ቅርጹ ይህን ይመስላል፦

> ለ… ፍርድ ቤት … ምድብ … ፍትሐ ብሔር ችሎት
> የመዝገብ ቁጥር …
> አመልካች (ከሳሽ የነበረ)፦ … አድራሻ …
> ተጠሪ (ተከሳሽ የነበረ)፦ … አድራሻ …
> በፍ/ብ/ሥ/ሥ/ሕ/ቁጥር 74(2) መሠረት የቀረበ አቤቱታ
> 1. ክሱ በ… ቀን … ዓ.ም. በቁጥር 73 መሠረት ተሰናብቷል።
> 2. አመልካች በዕለቱ ያልቀረብኩት … ስለነበር ነው። ለዚህም … ማስረጃ ተያይዟል።
> 3. አቤቱታው የቀረበው በሕጉ በተወሰነው አንድ ወር ውስጥ ነው።
> ስለዚህ መሰናበቱ ተሽሮ ክሱ ካቆመበት እንዲቀጥል፣ በ… ቀን ተሰጥቶ የነበረው የእግድ ትእዛዝም እንዲታደስ እንዲታዘዝልኝ አመለክታለሁ።

ከዚህ ጋር ፍሬ ነገሩን የሚደግፍ ቃለ መሐላ፣ ማስረጃዎቹ፣ የትእዛዙ ግልባጭ፣ ወኪል ከሆኑ ውክልናው ይያያዛሉ። ቅጂ ለፍርድ ቤቱ፣ ለእያንዳንዱ ተጠሪ፣ አንድ ለራስዎ ያዘጋጁ። ቃለ መሐላውና አቤቱታው ላይ ያሉት ቀኖች አንድ መሆናቸውን ሁለቴ ያንብቡ፤ «በ12 ታመምኩ» እና «በ13 ታመምኩ» የሚሉ ሁለት ወረቀቶች ጉዳዩን ያበላሹታል።

የመዝገቡ መዘጋት በ69(2) ወይም በ70(መ) ከሆነ አርዕስቱ ላይ 74ን ሳይሆን 71ን ይጥቀሱ። የተሳሳተ ቁጥር ሁልጊዜ አቤቱታ አያስጥልም፣ ግን «ያሻሽል» ተብሎ ለሌላ ቀጠሮ መመለስ ጊዜ ይበላል።

ስለ እግዱ የጻፍነውን አይዝለሉት። ቤት ወይም መኪና እንዳይሸጥ በአንቀጽ 154 ያስወጡት እግድ መዝገቡ ሲዘጋ አብሮ ይነሳል፤ ተከሳሹም የእግዱን መነሳት የሚገልጽ ደብዳቤ ለመሬት አስተዳደር ወይም ለትራንስፖርት መሥሪያ ቤት ለማስጻፍ አይዘገይም። መዝገቡን ከሦስት ወር በኋላ አስከፍተው ንብረቱ በሦስተኛ ሰው ስም ዞሮ የሚያገኙ አሉ። አስቸኳይ ከሆነ እግዱን በተለየ ማመልከቻ፣ አቤቱታው በገባበት ዕለት ይጠይቁ።

6. ተጠሪው ይጠራል

መሰናበት ተከሳሹ ሳይሰማ አይሻርም። አቤቱታዎ ይደርሰዋል፣ መልስ ይሰጣል፣ ቀጠሮ ይያዛል። በዚህ ቀጠሮ መቅረት ማለት ነገሩ አበቃ ማለት ነው። ዳኛው ሊጠይቅዎት የሚችለው ቀጥተኛ ነው፦ ስንት ሰዓት ላይ ታመሙ፣ ማን አብሮዎት ነበር፣ ስልክ አልነበረዎትም፣ ጠበቃዎስ የት ነበር። በአጭሩ ይመልሱ።

ከተፈቀደ ብዙ ጊዜ ለተጠሪው የዕለቱን ወጪና ኪሳራ እንዲከፍሉ ይታዘዛል። መጠኑ የበዛ ቢመስልዎትም ወዲያው ከፍለው ደረሰኙን መዝገቡ ውስጥ ያስገቡ፤ ክሱ የሚቀጥለው ይህ ሲፈጸም ነው ከተባለ ሳይከፍሉ መቀመጥ ሌላ መዘጋት ያመጣል። ከተከለከለ የትእዛዙን ግልባጭ በዚያው ሳምንት ያውጡና ጠበቃ ያማክሩ።

ብዙ ከሳሾች ሲሆኑ

የውርስ ክስ ላይ አምስት ወንድማማችና እህትማማች ከሳሽ ሆነው ሁለቱ ብቻ ቢቀርቡ ክሱ ወዲያው አይወድቅም። አንቀጽ 75 ፍርድ ቤቱ በቀረቡት ጠያቂነት ክሱ እንዲቀጥል እንዲፈቅድ ያስችለዋል። ቢሆንም «ወንድሜ ይቀርባል» ብሎ መቅረት ዕድልን መሞከር ነው፤ ለሚቀርበው ወንድም ውክልና መስጠት የአንድ ጠዋት ሥራ ነው።

ከአገር ውጭ ላሉ

አሜሪካ፣ ዱባይ ወይም አውሮፓ ሆነው አዲስ አበባ ክስ ያላቸው ሰዎች መዝገብ የሚዘጋበት ምክንያት ባብዛኛው ውክልናው ነው። በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2205 መሠረት ጠቅላላ ውክልና ክስ ለማቅረብና ለመከራከር አይበቃም፤ ለዚህ ልዩ ሥልጣን ያስፈልጋል። ስለዚህ ውክልናው ላይ «ክስ መመሥረት፣ መከራከር፣ ይግባኝ ማለት፣ መታረቅ፣ ክስ ማንሳት» የሚሉት አንድ በአንድ ይጻፉ። «ንብረቴን ሁሉ እንዲያስተዳድር» የሚል ብቻ ይዞ የቀረበ ወኪል ችሎት ላይ ሊመለስ ይችላል፣ እርስዎም እንዳልቀረቡ ይቆጠራል። ሰነዱ በኢትዮጵያ ኤምባሲ ወይም ቆንስላ ከተሰጠ በኋላ አገር ቤት በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴርና በሰነዶች ማረጋገጫ በኩል ማለፉን ያረጋግጡ። ጠበቃ ያልሆነ ወኪል የትዳር ጓደኛ፣ ልጅ፣ ወላጅ ወይም ወንድም የመሰለ የቅርብ ዘመድ ሊሆን ይገባል፤ የዝምድና ማስረጃውንም ይይዛል።

ሁለት ተራ ስሕተቶች፦ የቀጠሮ ወረቀቱ ላይ «ሰኔ 5» ያለውን ጁን 5 ብሎ መያዝ፣ እና «3፡30» ያለውን ከሰዓት በኋላ አድርጎ ማንበብ። ችሎቱ የሚያወራው ጠዋት ከሌሊቱ 12 ሰዓት ወዲህ ስለሚቆጠረው ሦስት ሰዓት ተኩል ነው። ወኪሉ የቀጠሮውን ወረቀት ፎቶ አንስቶ ይላክልዎ፣ በቃል የተነገረ ቀን አይያዙ።

መቀጠል ካልፈለጉ፣ ዝም ብለው አይቅሩ

ታርቀው ሊሆን ይችላል፣ ማስረጃው ጎድሎ ሊሆን ይችላል፣ ተከሳሹን ተሳስተው ከሰው ሊሆን ይችላል። ያኔ ቀጠሮውን መዝለል ከሁሉ የከፋው ምርጫ ነው፤ ተከሳሹ ከቀረበ 73 ይወርድብዎታል። አንቀጽ 278 ክስን ለማንሳት ያስችላል። ሆኖም ፈቃድ ሳይጠይቁ ካነሱ በዚያው ጉዳይ እንደገና መክሰስ አይችሉም፣ ወጪም ሊጣልብዎ ይችላል። ስለዚህ ማመልከቻው ላይ ክሱ የሚወድቅበት የአቀራረብ ጉድለት ወይም ሌላ በቂ ምክንያት ምን እንደሆነ ይግለጹና «አዲስ ክስ የማቅረብ መብቴ ተጠብቆ» የሚለውን ፈቃድ በግልጽ ይጠይቁ። ትእዛዙ ሲወጣ ያ ሐረግ መኖሩን ያንብቡ፤ ከሌለ እዚያው እንዲታረም ያመልክቱ። ፈቃዱም ቢኖር አንቀጽ 279 ይርጋውን የሚቆጥረው የመጀመሪያው ክስ ጭራሽ እንዳልቀረበ አድርጎ ነው።

ታርቀው ከሆነ ደግሞ ማንሳት ሳይሆን የዕርቁን ስምምነት ለፍርድ ቤቱ አቅርቦ ማስመዝገብ ይሻላል። ሌላው ወገን ነገ ቃሉን ቢያጥፍ ይዘው ለአፈጻጸም የሚቀርቡት ወረቀት ይኖርዎታል።

ተከሳሽ ለሆነው ሰው

ከሳሽ ይቀራል ብለው እርስዎም አይቅሩ። ሁለታችሁም ከቀራችሁ መዝገቡ በ69(2) ይዘጋል፣ ከሳሹም በሳምንቱ አዲስ ክስ ይዞ ይመጣል። ስም ሲጠራ ቀርበው ከሳሽ አለመቅረቡ እንዲመዘገብ፣ ክሱ በ73 እንዲሰናበት፣ ንብረትዎ ላይ ያለው እግድ እንዲነሳ፣ ወጪዎም እንዲያዝ በዚያው ችሎት ይጠይቁ። ራስዎ ያቀረቡት የተከሳሽ ከሳሽነት ክስ (በዚያው መዝገብ ከሳሹን መልሰው የከሰሱበት) ካለ ያ እንዲቀጥል መፈለግዎን ያሳውቁ፤ ካልተናገሩ አብሮ ሊዘጋ ይችላል።